አባ ያላሉት ቃል

በንስሐ መካከል ተቀምጬ የቄሱን ቃል ለወጥኩ። በደሌ ይህ ነው፤ መጀመሪያ ይመዝገብልኝ፣ ሌላው ከዚያ በኋላ ይምጣ። ለባሌ አልነገርኩትም፣ ሳይሰማ ሞተ። ለልጆቼም አልነገርኩም።

ከአራተኛ ክፍል ያቋረጥኩ ሴት ነኝ፤ ቋንቋ ግን አላጣሁም። አባ ኪዮኮ ከናይሮቢ ወዲያ ካለ አገር ወደ እኛ፣ በኬንያ በኩል ወዳለችው ሞያሌ ሲመጡ ወጣት ነበሩ፤ አማርኛ አያውቁም። ከድንበር ማዶ የመጡት ምእመናን ደግሞ ስዋሂሊ አይሆንላቸውም። ለንስሐ አስተርጓሚ ሲያስፈልግ እኔን መረጡ። ወንጌል ላይ እጄን ጭኜ የምሰማውን ላልናገር ማልኩ። በየቅዳሜው በርጩማዬን ከአባ ወንበር ጎን አድርጌ፣ ፊቴን ወደ ግድግዳው አዙሬ፣ የሰውን ኃጢአት ከአንዱ ቋንቋ ወደ ሌላው አሻግር ነበር። ብዙ ሰማሁ፤ አንዱንም አላወጣሁም።

አንድ ቅዳሜ አንዲት ወጣት ባለትዳር መጣች። ስሟን አልጽፍም። የተናዘዘችውን በኋላ በራሷ አፍ ሰው ፊት ስለተናገረችው ግን ምሥጢር አላወጣሁም። ሌባ ብላ ያባረረቻት የቤት ሠራተኛ፣ የዳበል መንደር ልጅ፣ ሌባ አልነበረችም። ጠፋ የተባለው ቀለበት ዱቄት ጆንያ ውስጥ ተገኘ፤ ሴትየዋም አማቷን ፈርታ ዝም አለች።

እኔም በልጅነቴ ሰው ቤት ሠርቻለሁ። ያልነካሁትን ሰረቅሽ ተብዬ ተገርፌአለሁ። ይህን የምለው እንዲታዘንልኝ አይደለም፤ ንዴቴ ከየት እንደመጣ እንዲታወቅ ነው።

አባ ትንሽ አሰቡና በስዋሂሊ፣ "እግዚአብሔር ይቅር ብሏታል። ልጅቱን ቀስ ብላ ትፈልጋት፤ አግዛታለሁ" አሉ።

ቀስ ብላ? ልጅቱ ስትባረር ቀስ ተብሎላት ነበር? ዞር ብዬ በአማርኛ እንዲህ አልኳት፦ "ዛሬውኑ፣ ፀሐይ ሳትጠልቅ፣ በባልሽ ቤተሰብ ፊት ቆመሽ ሁሉንም ትናገሪያለሽ። አንዲት ቃል ብታስቀሪ፣ ለነገ ብታሳድሪው፣ ይቅርታ የለሽም ይላሉ አባ።" ይላሉ አልኩ። እኔ እላለሁ አላልኩም።

ሴትየዋ ታዘዘች። ባሏ ከሕፃን ልጇ ለይቶ አስወጣት። ኦዳ መንደር፣ አክስቷ ቤት ገባች፤ ከዚያ ቀን ጀምሮ ለማንም ቃል አልተነፈሰችም። ልጅቱስ? ወደ ማርሳቢት ሄዳለች ተባለ። የፈረድኩት ለእሷ ነው እል ነበር፤ አንድ ቀን እንኳ ወጥቼ አልፈለግኳትም። እኔ የፈለግሁት ፍትሕ ነበር ወይስ የምትቀጣ ሴት? መልሱን አውቀዋለሁ።

አባ በየሳምንቱ ኦዳ በእግራቸው እየሄዱ አጠገቧ ይቀመጡ ነበር። ለማስተርጎም እኔን ይዘውኝ ይሄዳሉ፤ የሚተረጎም ነገር ግን አልነበረም። አንድ ቀን ስንመለስ መንገድ ላይ ቆሙ።

"ማማ፣ እኔ ምን ብያት ነው?"

"ያሉትን ነው ያልኳት፣ አባ።"

መሐላዬ አትናገሪ ይላል እንጂ አትጨምሪ አይልም፣ እያልኩ ራሴን እሸነግል ነበር። ይህን ውሸት የዋሸሁት ግን በየትኛው መሐላ ነው?

አባ ጳጳሳቸውን አስፈቅደው ሥነ ልቦና ሊማሩ ናይሮቢ ሄዱ። ሲሰናበቱኝ፣ "ቃሌ ሰው ውስጥ ገብቶ ምን እንደሚሆን ሳላውቅ ሌላ ሰው ማናዘዝ ፈራሁ" አሉ። እዚያው ቀሩ፤ ቅስናቸውን ሳይተዉ የዩኒቨርሲቲ መምህር ሆኑ። ሰው፣ "የእኛ አባ ፕሮፌሰር ሆኑ" እያለ ሲኮራ እኔ ዐይኔን እሰብር ነበር። ሴትየዋ ከዓመት በላይ ቆይታ መናገር ጀመረች፤ ማዶ ተሻገረች፤ ይቅርታ ሳልጠይቃት እዚያው ሞተች።

የሌላውን ንስሐ ሳሻግር የኖርኩት ሴት፣ የራሴን አፌ ውስጥ ይዤ ሠላሳ ዓመት ሊሞላኝ ነው። ሰው ለቁርባን ሲነሳ እኔ ጉልበቴን ይዤ የኋላው አግዳሚ ላይ ብቻዬን እቀመጣለሁ። ሪህ ይመስላቸዋል። "እማማ፣ እንደግፍዎት?" ይሉኛል። ማን ይደግፈኛል?

ዘንድሮ አባ ለጤና ሠራተኞች ሥልጠና ሊሰጡ ሞያሌ መጡ። በቦዳቦዳ ሞተር ቡቲዬ መንደር፣ ቤቴ ድረስ መጥተው ጠየቁኝ። ፀጉራቸው ነጥቷል። "ማማ፣ ፍየሎችሽ ከእኔ ተማሪዎች ይልቅ ያዳምጣሉ" ብለው ሳቁ። እኔ አልሳቅሁም። ሁሉንም በስዋሂሊ ነገርኳቸው፤ ቃል በቃል፣ ሳልጨምር፣ ሳልቀንስ።

ከዚያ በአማርኛ መለሱልኝ። ተምረውት ኖሯል።

"እማማ፣ የእኔ ቃል አጭር፣ የአንቺ ረጅም ነበር። ፊቷን አየሁት፤ ይቅር የተባለ ሰው ፊቱ እንደዚያ አይሆንም። ውጭ ሰልፍ ነበር፣ ደክሞኝ ነበር። ሳልጠይቅ ቀጣዩን ጠራሁ። ይህን ሁሉ ዓመት የተማርኩት፣ የማስተምረውም፣ ያን አለመጠየቄን ነው።"

የእሳቸው ጥፋት የእኔን አያቀልልኝም፤ ይህንኑ አልኳቸው። "ታዲያ ይቅር ይሉኛል?" ብዬ ጠየቅሁ።

"የእኔን ድርሻ ይቅር ብያለሁ" አሉ። "የእሷን ግን ላስተረጉምልሽ አልችልም።"