ለጉንማያ ቃል የተገባላት ቧንቧ

አክስቴ ጉንማያ ዕድሜዋን ሙሉ ውሃ ለምና ነው የጠጣችው። ምንጭ ጠፍቶ አይደለም። የመንደራችን የሳሌጋሪ ምንጭ ከቤታችን ጥቂት ወረድ ብሎ ነበር፤ እኛ ግን መንካት አይፈቀድልንም። ዳማይ ነን፤ ልብስ ሰፊዎች፣ ሠርግ ላይ መለከት ነፊዎች፣ ከበሮ መቺዎች። የላይኛው ሰፈር ሰው ልጁን ሲድር እኛ ካልነፋንለት ሠርጉ ሠርግ አይባልም። እጃችን ምንጩን ከነካ ግን ውሃው ረከሰ ይባላል። ስለዚህ አክስቴ እንስራዋን ከምንጩ ዳር ታስቀምጥና ራቅ ብላ ትቀመጣለች። ከላይኛው ሰፈር የመጣች ሴት ደስ ካላት እንስራውን ሳትነካ ከላይ ታንቆረቁርላታለች፤ ደስ ካላላት የራሷን ቀድታ ትሄዳለች። አንዳንዷ የአሥር ዓመት ልጅ ትሆንና "አንቺ ጉንማያ፣ ፈቀቅ በይ፣ ጥላሽ ወደቀብኝ" ትላታለች። አክስቴም ፈቀቅ ትላለች።

ስለ ሆምናት ሲግዴል ብዙ ተጽፏል። ዋና ከተማችን ካትማንዱ ላይ ሦስት ጊዜ ጠቅላይ ሚኒስትር ሆኗል። አገራችን ውስጥ መንግሥት እንደ ጉንፋን ነው፤ ይሄዳል፣ ይመለሳል፣ የሚይዘውም ያንኑ ሰው ነው። በየመጽሐፉ ስለ እስሩ፣ ስለ ስደቱ፣ ለድሃ ስላፈሰሰው እንባ ይተረካል። አክስቴ በአንዱ ገጽ ላይ "አንዲት ደግ ሴት" ተብላለች። የዚያችን ደግ ሴት ነገር ደግሞ እኔ፣ የእህቷ ልጅ፣ ልንገራችሁ። ልብስ ሰፊ ነኝ እንጂ ጸሐፊ አይደለሁም፤ ያበጠው ይፈንዳ።

በንጉሡ ዘመን ፓርቲ ክልክል ነበር። ሲግዴል ያኔ ቀጭን፣ ባለ መነጽር የትምህርት ቤት መምህር ነበር፤ ዘሩም ብራህሚን፣ ከሁሉም በላይ የሚቆጠረው ነው። ፖሊስ ሲያሳድደው ሳሌጋሪ ደረሰ። የላይኛው ሰፈር የገዛ ዘመዶቹ በር ዘጉበት። ዝናብ ሲደበድበው ውሎ፣ ትኩሳት ይዞት ቀርከሃ ሥር እንደተቀመጠ የአክስቴ ባል ሀርካላል አገኘውና ደግፎ ወደ ቤት አመጣው። ልጅ አልነበራቸውም፤ ሁለቱ ብቻ ይኖሩ ነበር። አክስቴ በሩ ላይ ቆማ ጠበቀቻቸው።

"ጌታዬ፣ ቤት ተሳስተዋል። እኛ እኮ ዳማይ ነን።"

"አውቃለሁ፤ ለዚህ እኮ ነው የመጣሁት" አላት እየተንቀጠቀጠ። "የፖሊሱ አዛዥ እንደኔው ብራህሚን ነው። እዚህ ቤት እግሩን ካስገባ ሲታጠብና ሲጾም ሊሰነብት ነው። ለኔ ሲል አይረክስም።"

አክስቴ ሳቀች፤ አስገባችው። እንዳለውም ሆነ። አዛዡ ሁለቴ መጥቶ ደጃፉ ላይ ቆሞ "ማን አለ?" ብሎ ጮኸ፤ ገብቶ አላየም። ሲግዴል ቆጡ ላይ፣ በጨርቅ ቁርጥራጭ መሀል ክረምቱን ሙሉ ተኛ። የዳጉሳ ገንፎና የሳማ ወጥ አበላችው። መጀመሪያ ውሃ ስትሰጠው ፊቷን አዞረች።

"ብጠጣ ምን እሆናለሁ?" አላት።

"እርስዎማ ምን ይሆናሉ፣ ጌታዬ፤ ኃጢአቱ የኔ ነው።"

እስከ ጭላጩ ጠጣውና ጢሙን ጠረገ። "ውሃ ነው" አላት።

"ምን መስሎዎት ነበር ታዲያ?"

ይህን ስታወራልኝ ትስቅ ነበር። ከዚያን ቀን ጀምሮ ያ ብራህሚን አክስቴን "እርስዎ" እያለ ይጠራት ጀመር። ማንም "እርስዎ" ብሏት አያውቅም ነበርና መጀመሪያ ከኋላዋ ሌላ ሰው የቆመ መስሏት ዞር ብላ አየች።

አንድ ቀን በቆጡ ቀዳዳ ወደ ምንጩ ሲመለከት አያት። ዶፉ እየወረደባት፣ ከነእንስራዋ ተቀምጣ ቀድቶ የሚሰጣት ትጠብቃለች። ስትመለስ እንባ በዓይኑ ሞልቶ አገኘችው። "ከሰማይ ውሃ እየወረደብዎት ውሃ ይለምናሉ" አላት። ከዚያም ማለ፤ ሀርካላልም ሰምቷል። "እኛ መንግሥት የሆንን ዕለት ለዚህ መንደር የሚመጣው የመጀመሪያ ቧንቧ እዚህ፣ እርስዎ ደጅ ላይ ይተከላል። በገዛ እጅዎ ይከፍቱታል። ከእጅዎ መጀመሪያ የምጠጣውም እኔ ነኝ፤ ሰው ሁሉ እያየኝ።"

አክስቴ ይህን ቃል እንደ ጥሎሽ ያዘችው።

መኸር ሲገባ ከላይኛው ሰፈር ካርኪ የሚባለው ባለርስት ልጁን ዳረ። እኛ ነፊዎች ሙሽራዋን ለማምጣት ወንዝ ተሻግረን መሄድ ነበረብን። አክስቴ ለሲግዴል የዳማይ ኮትና ቆብ ሰፋችለት፤ ሀርካላል ከበሮ አንገቱ ላይ አንጠለጠለለት። ድልድዩ ላይ ፖሊስ የሠርገኛውን ፊት አንድ በአንድ እያየ አሳለፈ። እኛን "ቶሎ በሉ" ብሎ ብቻ ነዳን፤ ዳማይን ቀና ብሎ ማን ያያል? ሲግዴል ከበሮውን ሲመታ ምቱ እንዲያው ዝብርቅርቅ ነበር። ሀርካላል ስህተቱን ለመሸፈን መለከቱን ደም ሥሩ እስኪገተር ነፋ። አለፈ፤ ድንበር ተሻገረ፤ ዳነ።

ሀርካላል አልዳነም። አንዱ ነገሩን አሳብቆበት ፖሊሶች ወሰዱት። ሲመለስ ከንፈሩ ተሰንጥቆ፣ የፊት ጥርሶቹ ረግፈው ነበር። ያለ ከንፈር መለከት አይነፋም። መለከቱን ግድግዳው ላይ ሰቅሎ ሲያየው ይውል ነበር፤ ብዙም ሳይቆይ ሞተ። አክስቴ ከመርፌዋ ጋር ብቻዋን ቀረች።

ከዓመታት በኋላ ሕዝብ አደባባይ ወጣ፤ ንጉሡ እጅ ሰጠ፤ ፓርቲ ተፈቀደ። የሲግዴል ድምፅ በሬዲዮ መጣ። ሚኒስትር ሆነ፣ ያውም የውሃ። መንደሩ መቀለጃ አገኘ።

"ጉንማያ፣ ወዳጅሽ ተሾመ አሉ። ቧንቧው የት ደረሰ?"

"መንገድ ላይ ነው" ትላለች።

"በእግሩ ነው እንዴ የሚመጣው?"

"መንገዱን እናንተ አበላሽታችሁት ነው።"

ተሻረ፤ ተሾመ፤ ጠቅላይ ሚኒስትር ሆነ፤ ወደቀ፤ ደግሞ ሆነ። እኔ "አክስቴ፣ ላም አለኝ በሰማይ ነው፣ ተይው" እላታለሁ። እሷ እቴ። ለእሱ የሚሆን ቆብ ሰፍታ ካትማንዱ ድረስ ወርዳ ደጅ ጠናች። አገራችን ውስጥ ደጅ የማይጠና የለም፤ ባለ ገንዘቡም ባለ ሙያውም በጠዋት የትልቅ ሰው በር ላይ ቆሞ ፊት ያሳያል። ከእነሱ ኋላ ቆመች። ብዙ ቀን ካለፈ በኋላ ሲወጣ አያትና "እህቴ!" ብሎ አቀፋት፤ ፎቶ አንሺም ተጠራ። ግቢው ሣር ላይ አስቀምጦ ሻይ አስመጣላት።

ተመልሳ መጥታ በኩራት ነገረችኝ። "ሻይ አጠጣኝ፤ ብርጭቆውን አጥቤ ደፍቼለት መጣሁ።"

"ያጠብሽው አንቺ ነሽ?"

"ታዲያ ማን ይጠብልኝ?"

"ቤትስ ገባሽ?"

"ሚስቱ ጸሎት ላይ ነበረች" አለችና ወደ መርፌዋ ጎንበስ አለች። እኔ ያን ቀን ገብቶኝ ነበር። እሷ ግን አንዴ የማለ ሰው ምሎ ይቀራል ብላ ማሰብ አትችልም።

ቧንቧው ግን መጣ። የመጣው በምርጫ ነው። ሲግዴል የድሮ የምክር ቤት ወንበሩን ተነጥቆ አውራጃችን ውስጥ ለመወዳደር ተገደደ። በዚያው ሰሞን ምድር ተንቀጥቅጣ የሳሌጋሪ ምንጭ ደርቆ ነበር፤ ላይኛውም ታችኛውም ሰፈር ከወንዝ እየተሸከመ ነበር የሚጠጣው። ከወንዝ በሞተር የሚሳብ ውሃ ተፈቀደ፤ ለጊዜው አንድ ቧንቧ ብቻ። ላይኛው ሰፈር ቤተ መቅደሱ ግቢ ይተከል አለ። ከካትማንዱ "ጉንማያ ደጅ ላይ" የሚል ትእዛዝ መጣ። አክስቴ ዜናውን ስትሰማ ማልቀስ ጀመረች። እኔም ስድቤን ሁሉ ዋጥኩት።

የላይኛው ሰፈር ተቆጣ። ዳማይ ደጅ ወርዶ ሊቀዳ ነው? በመጨረሻ ያ ልጁን የዳረው ካርኪ፣ አሁን የውሃ ኮሚቴው ሊቀመንበር፣ ሱቄ መጥቶ ሱሪውን እያስለካ እንዲህ አለ፦ "እሱ ብራህሚን ነው፤ ከእኛ በላይ። በሁላችንም ፊት ከእጇ ከጠጣ እኛ ምን ቤት ነን? እንጠጣለን። ነገሩም ያበቃል።" እውነቱን ነው ያለው። ሰው ውሃ ጠምቶት ነበር፤ ልማዱን የሚጥልበት ሰበብ ብቻ ነበር የቸገረው።

በዚያች አንዲት ጉንጭ ውሃ ላይ ነበር የሁላችንም ኑሮ የተንጠለጠለው።

ሄሊኮፕተሩ አቧራውን አስነስቶ አረፈ። ያ ቀጭን መምህር በሬ አክሎ ወረደ። አንገቱ አደይ በመሰለ ቢጫ አበባ ጉንጉን ታንቆ ነበር። ንግግር አደረገ፤ ስለ ገንፎው፣ ስለ ከበሮው ተናገረ፤ ሀርካላልንም ጠራው። "ይህች እናቴ ናት" አለ። ሴቶች አለቀሱ፤ እኔም አለቀስኩ፣ አልዋሽም። አክስቴ አዲስ ቀሚስ ለብሳ ቧንቧውን በገዛ እጇ ከፈተች። ውሃው ሲወርድ እጇን ከሥሩ አቆየችው፤ ማንም ፈቀቅ በይ አላላትም። ከዚያ የነሐሱን ዋንጫ ሞልታ በሁለት እጇ አቀረበችለት።

ተቀበላት። ፊት ለፊቱ ወንበር ላይ የቤተ መቅደሱ ቄስ፣ ካርኪ፣ የፓርቲው የአውራጃ ሹሞች፣ ሁሉም የእሱና የእሱን የመሰለ ዘር፣ ተደርድረዋል። የአውራጃው ድምፅ በእነሱ እጅ ነው። ዓይኑ ከአንዱ ወደ አንዱ ሲሄድ አየሁት። ዋንጫውን ግንባሩ ላይ አስነካ። ከዚያ ጎንበስ ብሎ ውሃውን ቧንቧው ሥር አፈሰሰውና "ለእናት ምድራችን!" አለ።

ጭብጨባው ተራራውን አናወጠው። ካሜራው ተንጫጫ። አንዱ ጠባቂ የታሸገ ውሃ አቀበለው፤ ጉሮሮው ደርቆ ነበርና ያንን ጠጣ።

አክስቴ ባዶውን ዋንጫ ይዛ እንደቆመች "ጌታዬ፣ አልጠጡም እኮ" አለችው ዝግ ብላ።

"ሐኪም ከልክሎኛል፣ ሆዴን ያመኛል። አንቺ ግን ጤናሽን ጠብቂ" አላት። አንቺ። ከዚያ ሄሊኮፕተሩ ውስጥ ገባ።

"ከውሃ የሚከለክል ሐኪም አለ እንዴ?" አለችኝ ወደኔ ዞራ። እሱን ሰደብኩት፤ ጮክ ብዬ፣ በአባቱም በእናቱም። ግን ሄሊኮፕተሩ ድምፄን ዋጠው።

በሳምንቱ ካርኪ ከቄሱ ጋር ወረደ። ቄሱ ወርቅ የተነከረበት ውሃ ቧንቧው ላይ ረጨ፤ እጃችን የነካው እንዲህ ነው የሚነጻው። እኔ መንገዱ ላይ ቆምኩ።

"እንጠጣለን ብለህ አልነበረም?"

"እሱ ከጠጣ ነው ያልኩት" አለ ካርኪ። የተናደደ አይመስልም ነበር፤ እንዲያውም የተቆጨ ይመስል ነበር። "ራሱ የደፋውን እኔ ጠጥቼ በዘመድ ልገለል? የክረምት ሙሉ ውለታዋ ያለበት እኮ እሱ ነው፤ እኔ አይደለሁም። ከዛሬ ጀምሮ ዳማይ ቧንቧውን አይነካም። የኛ ሴቶች ሲመጡ ይቀዱላችኋል።"

መዶሻ አነሳሁ። አክስቴ እጄን ያዘች። "ተው፣ ነቅለው ይወስዱታል። ያኔ ደግሞ ጨርሶ የለም።"

እሱ በምርጫው አሸነፈ፤ ፎቶውም፣ ጎንበስ ብሎ ውሃ ሲያፈስ፣ በየግድግዳው ተለጠፈ። አክስቴ አሁን ምንጭ ድረስ መውረድ ቀርቶላታል። በራፏ ላይ ትቀመጣለች፤ እንስራዋ ቧንቧው ሥር፣ እሷ ራቅ ብላ፣ የሚከፍትላት እስኪመጣ ድረስ።

ባለፈው የካርኪ አዲሷ ምራት ለመቅዳት ወረደች። ገና ልጅ ናት፤ ከሌላ አገር ነው የመጣችው። የራሷን ሞልታ ስታበቃ ለአክስቴ ቀዳችላትና ዝቅ ባለ ድምፅ ጠየቀቻት።

"እውነት ትልቁ ሰውዬ እዚህ ቤት ነበሩ?"

"ክረምቱን ሙሉ።"

"ታዲያ ውሃ ከየት እየመጣላቸው ይጠጡ ነበር?"

"ከእጄ" አለች አክስቴ። "ያኔ የሚያየው ሰው አልነበረም።" እንስራዋን አንስታ ገባች።