ይግባኝ ለማፋጠን፣ ከባለጋራ ጋር በአንድ አውቶቡስ

ንጋት 11 ሰዓት ተኩል፣ መሐል ሜዳ

ገና አልነጋም። ብርዱ ጆሮ ይቆርጣል። አክስቴ እትዬ ዘነበች ማመልከቻቸውን በፌስታል ጠቅልለው ከነጠላቸው ሥር ይዘዋል። ባላቸው ሲሞቱ የተዉትን የገብስ ማሳ፣ የባላቸው ወንድም አቶ ተክሌ "የአባቴ ነው" ብለው ከሰሱ። የወረዳው ፍርድ ቤት ለእትዬ ፈረደ። አቶ ተክሌ ይግባኝ አሉ፤ እስኪወሰንም ማሳው ታገደ። ይኸው ሁለት ክረምት ጦሙን አደረ። ዛሬ ከተማ ወርደን የበላዩን ፍርድ ቤት "ይፍጠንልን" ልንል ነው።

አውቶቡሱ ሊነሳ ሲል አቶ ተክሌ በርኖሳቸውን ሰብስበው ገቡ።

"ወዴት ናችሁ?" አሉኝ።

እትዬ ቀደሙኝ። "ዘመድ ጥየቃ። እርስዎስ?"

"ለሕክምና።"

እትዬ ወደ ጆሮዬ ተጠጉ። "ታማሚ እንዲህ ጢሙን ተላጭቶ ይሄዳል? መዝገቡን ያስተኛው እሱ ነው። ዛሬም ለዚያው ነው።"

ረፋድ 3 ሰዓት ተኩል፣ ጣርማ በር

ከዚያ ሁሉ ኮረት መንገድ በኋላ ጉሙ ውስጥ ቆምን። ሹፌሩ ፍሬኑን እየፈተሸ ነው። ሻይ ቤቷ ጠባብ ናት፤ ትኩስ አምባሻ አለ። አቶ ተክሌ ለሦስታችንም ሻይ አዘዙ። እትዬ "ጦም ነኝ" አሉ። ፋሲካ ባለፈ በሳምንቱ ማን ይጦማል? አቶ ተክሌ ሦስተኛውን ብርጭቆ ወደ እኔ ገፉት። እኔ ግን ብርጭቆዬን እያነሳሁ ከደረት ኪሳቸው ብቅ ያለ፣ ማመልከቻ የሚመስል የታጠፈ ወረቀት አየሁ። ሻዩ መረረኝ።

5 ሰዓት፣ ፍርድ ቤቱ

ወረፋው ረጅም ነው። ዞር ስንል አቶ ተክሌ ከኋላችን ቆመዋል።

"ሕክምናው እዚህ ነው?" አሉ እትዬ።

"ዘመዶቻችሁስ እዚህ ናቸው?"

የመዝገብ ቤቷ ሠራተኛ ሁለቱን ማመልከቻዎች ጎን ለጎን ዘርግታ አነበበች። "ሁለታችሁም ይፍጠንልን ነው የምትሉት። ሁለታችሁም ያዘገየው ተከራካሪዬ ነው ትላላችሁ። ቃል በቃል አንድ ነው። ማን ጻፈላችሁ?"

የጻፈው ያው አንድ የመሐል ሜዳ ራፖር ጸሐፊ፣ ማመልከቻ በክፍያ የሚጽፍ ሰው ነበር። ለእትዬ ሰኞ፣ ለአቶ ተክሌ ማክሰኞ።

"የዘገየው የሥር መዝገቡ ግልባጭ ከወረዳው ፍርድ ቤት ስላልመጣ ነው" አለች ሠራተኛዋ። ከሰዓት ዳኛው አስጠሩን፤ ግልባጩ በአስቸኳይ እንዲመጣ አዘው ቀጠሮውን ከዘር በፊት፣ ለግንቦት አደረጉት።

በማግስቱ 6 ሰዓት፣ መሐል ሜዳ

ከተማ አድረን፣ አሁንም ከአቶ ተክሌ ጋር በአንድ አውቶቡስ ተመለስን። እትዬ ሠራተኛዋን አላመኗትም። መንገዱን ሙሉ "ግልባጩንስ ማን አስቀረው?" ሲሉኝ ነበር።

ከአውቶቡሱ ስንወርድ አቶ ተክሌን ጠሯቸው።

"ለቀጠሮው በየትኛው መኪና ነው የሚሄዱት?"

"በንጋቱ።"

"እንግዲያስ አብረን እንሂድ። ዓይኔ ላይ ቢሆኑ ይሻለኛል።"

አቶ ተክሌ በርኖሳቸውን አስተካከሉ።

"እኔም ይህንኑ ልልዎ ነበር" አሉ።