በአሥር ዓመት ያልቃል

ከእኛ በላይ ያለው ቤት ሰሞኑን ሴራሚክ እያስነጠፈ ነው። መቁረጫው ጠዋት ሁለት ሰዓት ላይ ይጀምራል። መጀመሪያ ጥርስ የሚያሳክክ ጩኸት ይሰማል፣ ቀጥሎ በደረጃው ወርዶ በበራችን ስር ሾልኮ የሚገባ ነጭ አቧራ ይመጣል። ሽታው የተቃጠለ ሸክላና የረጠበ ሲሚንቶ ነው። ጎረቤቱ አፍንጫውን ይዞ ያልፋል። እኔ ግን ያ ሽታ በመጣ ቁጥር የአሥራ አራት ዓመት ልጅ እሆናለሁ፤ እጄ ላይ እርሳስ፣ ፊት ለፊቴ የሒሳብ ደብተር፣ ግራና ቀኜ እናትና አባቴ።

የዛሬ አሥራ አንድ ዓመት ነው። የምንኖረው አቃቂ፣ ከጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካው ብዙም ሳንርቅ፣ በሰው ግቢ ውስጥ በተከራየናት አንድ ክፍል ነበር። አባቴ የሽመና ክፍል ሠራተኛ ነው። ከሥራ ሲመለስ ቅንድቡ ላይ የጥጥ ብናኝ ይቀር ነበር፤ ልብሱም የማሽን ዘይት ይሸታል። እናቴ ገበያ ውስጥ መደብ ላይ ምስር፣ ክክና ሽሮ ትሸጣለች። እኔ የኮንዶሚኒየም ዕጣ ሲጠበቅ ያደግኩ ልጅ ነኝ። በመጨረሻ ሲደርሰን ቱሉ ዲምቱ፣ አራተኛ ፎቅ፣ ባለ ሁለት መኝታ ሆነ። እናቴ እልል አለች። አባቴ ወደ ግቢው ቧንቧ ሄዶ ፊቱን ታጠበ። ያለቀሰ መሆኑን ያወቅሁት ሲመለስ ዓይኑ ቀልቶ ስለነበር ነው።

ቅድመ ክፍያውን ለዓመታት ቆጥበውት ነበር። የቀረውን ሁለት መቶ ሺህ ብር ባንክ አበደረን። የተፈራረሙት እነሱ ናቸው፤ ውሉን አንብቤ ያስረዳሁት ግን እኔ ነኝ። አባቴ ማንበብ ይችላል፤ ማኅተም ያለበት ወረቀት ሲይዝ ግን ላብ ላብ ይለው ነበር።

"ነይ እስቲ የኔ ሊቅ" ብሎ ጠራኝ አንድ እሑድ ከሰዓት። "ይሄ ነገር መቼ ነው የሚያልቀው?"

ስምንተኛ ክፍል ነበርኩ፣ በሒሳብ ከክፍሌ አንደኛ። ፐርሰንት የተማርነው በዚያው ሴሚስተር ነው፤ አዲስ ቢላ እንደ ያዘ ሰው የምቆርጠው ነገር እፈልግ ነበር። በተከፈተው በር የሚገባው ፀሐይ ደብተሬ ላይ አርፏል። ወለድ ዘጠኝ ነጥብ አምስት ፐርሰንት ይላል። የሁለት መቶ ሺህ ዘጠኝ ነጥብ አምስት ፐርሰንት አሥራ ዘጠኝ ሺህ ነው። ደመርኩት፤ ሁለት መቶ አሥራ ዘጠኝ ሺህ። በየወሩ የሚከፈለው 1,864 ብር ነው። አካፈልኩ፤ መቶ አሥራ ሰባት ወር ከምናምን። ይኼ አሥር ዓመት እንኳ አይሞላም። ከመልሱ ስር ሁለት ጊዜ አሰመርኩ።

"በአሥር ዓመት ያልቃል፣ አባዬ።"

"ሃያ ዓመት አይደል እንዴ ያሉን?" አለች እናቴ።

"ሃያ ዓመት ለሚያዘገይ ሰው ነው፣ እማዬ። የመጨረሻው ገደብ ነው።"

ይህን ከየት እንዳመጣሁት አላውቅም። ማንም አልነገረኝም፤ ቁጥሮቹ አልገጥም ሲሉኝ ከራሴ ፈጥሬ ሞላሁት። አባቴ ግን ጭኑን መታ።

"አላልኩሽም? ባንክ ማለት ትልቅ እቁብ ነው! ቀድሞ ወጣልሽ፤ ከዚያ እየጣልሽ ትጨርሻለሽ።"

እዚህ ላይ ትንሽ ላስረዳ፤ የማስረዳት አመሌ ዛሬም አልለቀቀኝም። እቁብ ውስጥ መጀመሪያም ይድረስህ መጨረሻ የምትጥለው ብር አንድ ነው። ቀድሞ የወሰደ ሰው ምንም አይጨመርበትም። አባቴ ዕድሜውን ሙሉ ገንዘብ የሚያውቀው በዚህ መልኩ ነው፤ ብር ሰው ዘንድ ስለ ቆየ ብቻ ሊወልድ እንደሚችል ሰምቶ ይሆናል እንጂ አልኖረበትም። እኔም ብሆን የመጽሐፋችን የወለድ ጥያቄዎች ሁሉ የአንድ ዓመት ነበሩ። ውሉ ላይ ከፐርሰንቱ አጠገብ "በዓመት" የሚል ቃል አለ። ዛሬም አለ። ያን ቀን ዓይኔ ዘሎት አለፈ።

አባቴ ያኔ ሃምሳ ዓመቱ ነበር። በጣቱ ቆጠረና "ጡረታ ስወጣ የማንም ዕዳ የለብኝም ማለት ነው" አለ። ከዚያ ቀን ጀምሮ የሚኖረው ለዚህች ዓረፍተ ነገር ነበር። ፋብሪካ ውስጥ ለጓደኞቹ ነገረ፣ ለቤት አከራያችን ነገረ፣ ታክሲ ውስጥ አጠገቡ ለተቀመጠ ሰው ሁሉ ነገረ።

በወሩ የእናቴ እቁብ ወጣ፤ ስድሳ ሺህ ብር። የእቁቡ ዳኛ ስልጤ የሆኑት የሰፈራችን ባለሱቅ ነበሩ። ብሩን ለመቀበል ከእናቴ ጋር ሄጄ፣ ሱቃቸው ውስጥ በሳሙናና በዘይት ሽታ መሐል ቆሜ፣ ሳልጠየቅ ስለ ባንኩ ማስረዳት ጀመርኩ። ባለሱቁ እየቆጠሩ አዳመጡኝና ቀና አሉ።

"ወለዱ አንዴ ነው ወይስ በየዓመቱ?"

"ውሉ ላይ አንዴ ነው የተጻፈው" አልኳቸው።

ሳቁ። "እንግዲህ እኛ ወለድ አንበላ፣ ምን እናውቃለን። አንቺ ታውቂያለሽ፣ የተማርሽው።"

ትክክለኛውን ጥያቄ የጠየቁት እሳቸው ብቻ ነበሩ።

ቤት ስንደርስ እናቴ ብሩን ነጠላዋ ጫፍ ላይ እንደቋጠረች ተቀመጠች። "ይሄ ብር ባንክ ይግባ" አለች። "ዕዳ ተሸክሜ ያማረ ቤት ውስጥ እንቅልፍ አይወስደኝም።"

"ባዶ ሲሚንቶ ላይ ልታስተኚን ነው?" አለ አባቴ። ቤቱን የተረከብነው ግድግዳና ወለሉ ሳይለበስ ነበር። "ሰው ምን ይላል? ሴራሚክ ይነጠፍ፣ በር ይገጠም።"

"ሲሚንቶ ማንን ገደለ?"

"ኧረ አንቺ ሴትዮ! ዕጣ ደርሶሽ እንደ ተከራይ ልትኖሪ ነው?"

"አሁንስ ተከራይ አይደለን? ከግቢ ግቢ መዛወር ነው እንጂ ምን ተለወጠ? አከራያችን ባንክ ሆነ።"

ያኔ ደብተሬን ይዤ ተነሣሁ። ተቀምጬ አልነበረም ያስረዳሁት፤ ቆሜ ነው፣ ልክ ሰሌዳ ፊት እንደ ቆመ ሰው። ከደብተሬ ያለውን አንድ በአንድ አነበብኩላቸውና እንዲህ ደመደምኩ፦ "እማዬ፣ አሁን ብትከፍዪም በኋላ ብትከፍዪም ያው ነው። ድምሩ አይቀየርም።"

አባቴ አገጩን በመዳፉ ይዞ እስክጨርስ አላቋረጠኝም። እናቴ መጀመሪያ እሱን፣ ቀጥሎ እኔን ዐየች፤ ረጅም ጊዜ። ከዚያ የነጠላዋን ቋጠሮ ፈታች።

"እሺ" አለች። "እንዳላችሁ።"

ሴራሚኩ ተነጠፈ። አንድ ሳምንት ሙሉ ያ መቁረጫ ሲጮህ፣ እኔና አባቴ ከቆራጩ ጎን ቆመን አቧራ ለብሰን ሰነበትን። የገባን ቀን እናቴ ጫማዋን በር ላይ አውልቃ በባዶ እግሯ ከክፍል ክፍል ዞረች፤ ዕቃ ስላልነበረን እርምጃዋ ያስተጋባ ነበር። "ይቀዘቅዛል" ብቻ ነው ያለችው።

ዛሬ 1,864 ብር ምን ይገዛል ትሉ ይሆናል። ያኔ ከአባቴ ደሞዝ ከግማሽ በላይ ነበር። እሑድን ጨምሮ ትርፍ ሰዓት ይሠራ ጀመር። በዚያ ያማረ ቤት ውስጥ በቀን ቁጭ ብሎ ያየሁበትን ጊዜ ላስታውስ ብል በዓላት ብቻ ናቸው የሚመጡልኝ። በየወሩ ከባንክ ሲመለስ ደረሰኙን ይሰጠኛል፤ እኔ በደብተሬ ከሁለት መቶ አሥራ ዘጠኝ ሺህ ላይ እቀንሳለሁ። "ስንት ቀረ?" ይላል። እነግረዋለሁ። ፊቱ ሲበራ ለማየት ያን ቀን እጠብቀው ነበር።

አምስት ዓመት ሞላ። ዩኒቨርሲቲ ገብቼ ለክረምት ተመልሻለሁ። በደብተሬ መሠረት የቀረው መቶ ሰባት ሺህ ነው። እኩሌታውን አልፈናል ማለት ነው። አባቴ ይህን ከባንኩ አፍ መስማት ፈለገና የበዓል ኮቱን ለብሶ አብረን ሄድን። የብድር ክፍሏ ሠራተኛ ወጣት ነበረች፤ ጨዋ ልጅ።

"አባት፣ ይቀመጡ። ምን ልታዘዝ?"

"የቀረችውን ለማወቅ ነው። መቶ ሰባት ሺህ ናት፣ ግን እናንተ ንገሩኝ ብዬ ነው።"

ኮምፒውተሩን ዐየች። "መቶ ሰባ ስምንት ሺህ አምስት መቶ ሠላሳ አንድ ብር።"

አባቴ ፈገግታውን አላጠፋም። "የሌላ ሰው ነው ያየሽው የኔ ልጅ። ስሜን ደግመሽ እዪው።"

ደግማ ዐየች። የእኛው ነበር። አባቴ ከኮቱ ኪስ የእኔን የስምንተኛ ክፍል ደብተር አወጣና ጠረጴዛዋ ላይ ዘረጋላት። "ይኸው። ልጄ አስልታዋለች።" ከመልሱ ስር ያሉት ሁለት መስመሮች ገና አልደበዘዙም። ልጅቷ አነበበችው። እኔን ቀና ብላ ዐየችኝ፤ ዓይኗ ውስጥ ፌዝ አልነበረም፣ ቢኖር ይሻለኝ ነበር። ወረቀት አትማ ሰጠችኝ።

እንዲህ ነው። ወለዱ አንዴ የሚደመር ሳይሆን በየወሩ ባልተከፈለው ብር ላይ የሚታሰብ ነው። በመጀመሪያው ወር ከከፈልነው 1,864 ብር ውስጥ 1,583ቱ የወለድ ነበር። ከዕዳው የቀነሰው 281 ብር ብቻ ነው። ከመቶ ብር ሰማንያ አምስቱ ለወለድ ሄደ ማለት ነው። በአምስት ዓመት መቶ አሥራ ሁለት ሺህ ብር ገደማ ከፍለን ዕዳው የወረደው በሃያ አንድ ሺህ ተኩል ነው። ሃያ ዓመቱ ሲያልቅ ከአራት መቶ አርባ ሰባት ሺህ ብር በላይ እንከፍላለን። የሁለት ቤት ያህል ከፍለን አንድ ቤት ውስጥ እንኖራለን።

ታክሲ ተራው ላይ ቆመን ይህን ሁሉ አስረዳሁት። አውቶቡሶች ያልፋሉ፣ ረዳቶች ይጮኻሉ። አባቴ አዳመጠኝና ደብተሩን አጥፎ ወደ ኪሱ መለሰ።

"አንቺ የዋህ ነሽ" አለኝ። "አጭበርብረውን ነው።"

ከዚያ በኋላ "ስንት ቀረ?" ብሎኝ አያውቅም። ትርፍ ሰዓቱን ግን አልተወም። አምና ጡረታ ወጣ። ፋብሪካው ብርድ ልብስና የምስጋና ወረቀት ሰጠው። ያን ዕለት የቀረብን ዕዳ መቶ አርባ አራት ሺህ ብር ነበር። በሳምንቱ ቃሊቲ ውስጥ ለአንድ መጋዘን ጥበቃ ሆኖ ተቀጠረ። እኔ አስተማሪ ሆኛለሁ፣ ደሞዝ አለኝ፤ ልክፈል ብዬ ለመንኩት። "ገና ቤት ልትሠሪ ነሽ፤ በእኔ ዕዳ አልጀምርሽም" አለ። ባንክ ሄጄ ልከፍል ብሞክር እንደሚያውቅና ወር ሙሉ እንደማያናግረኝ ስላወቅሁ አልሞከርኩም።

ባለፈው ወር ለስምንተኛ ክፍል ተማሪዎቼ ፐርሰንት እያስተማርኩ ነበር። በዕረፍት ሰዓት መምህራን ክፍል ቁጭ ብዬ አንድ ነገር ማስላት አማረኝ። የእናቴ ስድሳ ሺህ ያኔ ሴራሚክ ሳይሆን ዕዳው ላይ ገብቶ ቢሆንስ? በወረቀት ላይ ከወር ወር ወረድኩ፤ ወለዱን አስልቼ፣ ከክፍያው ቀንሼ፣ የተረፈውን ከዕዳው ላይ አንስቼ። ዕዳው መቶ አሥራ አምስተኛው ወር ላይ ዜሮ ገባ። ዘጠኝ ዓመት ተኩል። አባቴ ጡረታ ከመውጣቱ በፊት።

ደግሜ ሠራሁት። ያው ነው።

የዚያው ሳምንት ቅዳሜ ከሰዓት እናቴ ምስር ስትለቅም አጠገቧ ተቀመጥኩና ወረቀቱን ይዤ ነገርኳት። አንቺ ልክ ነበርሽ አልኳት። ይቅርታም ጠየቅኋት። ድንጋይ ለቅማ ጣለች።

"እኔ ምን አስልቼ" አለች። "ዕዳ ስለምፈራ ነው እንጂ።"

"ታዲያ ለምን ተውሽው? ለምን እሺ አልሽ?"

እጇ ምስሩ ላይ ቆመ።

"አባትሽን ታውቂው የለ? ሴት ተናግራ እስክትጨርስ ሰምቶ አያውቅም፤ እኔን ቢሆን፣ እናቱን ቢሆን። ያን ቀን አንቺ ቆመሽ ስታስረጂ ዝም ብሎ ሰማሽ። አፉን ከፍቶ። እኔ ደብተርሽ ውስጥ ያለው ገብቶኝ መሰለሽ? እሱን ነበር የማየው። ብሩ ሄደ፣ ይሂድ አልኩ።" ሰፌዱን ነቀነቀችው። "ይሄን ወረቀት ግን እሱ እንዳያየው።"

ወረቀቱን አራት አጥፌ ቦርሳዬ ውስጥ ከተትኩ። አባቴ ከመኝታ ቤት ካፖርቱን ለብሶ ወጣ፤ ሥራ የሚገባው አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ነው። በሩ ጋ ጎንበስ ብሎ የጫማውን ክር ማሰር አቃተውና እኔ ተንበርክኬ አሰርኩለት።

"ዛሬ ምን አስተማርሽ?" አለኝ ከላዬ።

"ዛሬ ቅዳሜ ነው አባዬ። በዚህ ሳምንት ግን ፐርሰንት ነበር።"

"አንቺማ ፐርሰንት ድሮም ታውቂያለሽ። ለጥበቃ ጓደኛዬ ሁሌ እነግረዋለሁ። ልጄ በስምንተኛ ክፍሏ ልክ አስልታው ነበር፣ ባንኩ ነው የከዳን እለዋለሁ። ልክ ነበር አይደል?"

በቀን ስንት ደብተር አርማለሁ። እጄ ገና ጫማው ላይ ነበር።

"አዎ አባዬ" አልኩት። "ልክ ነበር።"