ባንኮኒው ላይ የተደረገ ማፈግፈግ

ኮሎኔሉን የማውቃቸው ከቤተ ክርስቲያን ነው። ጆሃንስበርግ አጠገብ ባለችው ቴምቢሳ፣ ባለቤታቸው በሚያስተዳድሯት ስፓዛ በምትባል ትንሽ የሰፈር ሱቅ፣ ከብረት ፍርግርጉ ጀርባ ቀኑን ሙሉ ተቀምጠው ይውላሉ። ዓይናቸው ደክሟል። የማስተርስ ጽሑፌ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የተሸነፉ የጀርመን የጦር አዛዦች ስለ ጦርነታቸውና ስለ መሪያቸው የተናገሩትን የሚመረምር መሆኑን አንድ እሑድ ሰምተው ክንዴን ያዝ አደረጉና፣ «የምታነቢውን መጽሐፍ ይዘሽልኝ ነይ። ያንን ጦርነት እኮ እኛ በጦር ትምህርት ቤት ካርታ ላይ ስንት ጊዜ ተዋግተነዋል» አሉኝ።

እኔ ትልቅ ሰው እምቢ ማለት አልችልም። የሄድኩት ግን በይሉኝታ ብቻ አይደለም። የእናቴ ታላቅ ወንድም በወታደራዊው መንግሥት ዘመን በሰሜኑ ጦርነት የኮሎኔሉ ብርጌድ ወታደር ነበር። የመጨረሻው ደብዳቤው እግሩን ቆስሎ፣ በአንድ ትምህርት ቤት ውስጥ በተከፈተ የጦር ሆስፒታል እንደተኛ ይናገራል። ከዚያ ወዲያ ምንም የለም። እናቴ ሆሳዕና ውስጥ እስከ ዛሬ ለቅሶ አልተቀመጠችለትም። «ሞቱ ላልተነገረ ሰው አይለቀስም» ትላለች። ኮሎኔሉ ጆሃንስበርግ እንዳሉ ከነገርኳት ጀምሮ ስትደውል መጀመሪያ የምትለኝ አንድ ነገር ነው፤ «ጠየቅሻቸው?»

አልጠየቅኳቸውም። ቅዳሜ ቅዳሜ ከምኖርበት ከዱርንፎንቴን በታክሲ እየሄድኩ አነብላቸው ነበር። ዓይኔ እንግሊዝኛውን ያያል፣ አፌ አማርኛውን ይናገራል። ጄኔራሎቹ ከተማረኩ በኋላ የተናገሩት ሁሉ ይመሳሰላል። መሪያችን አልሰማንም። ማፈግፈግ ከለከለን። ተራ ወታደር የነበረ ሰው ስለ ጦር አመራር ምን ያውቃል? ክረምቱ ከበደን። ታንኮቹን ለእኔ ሰጥቶኝ ቢሆን ኖሮ! በየመንደሩ ስለተረሸኑት ሰዎች ሲጠየቁ ግን፣ ያ የሌላ ክፍል ሥራ ነበር፣ እነሱ አልሰሙም። እጃቸውን ሰጥተው ሜዳ ላይ በረሃብ ስላለቁት ምርኮኞችም አልሰሙም። መሪው በድብቅ ገንዘብና ርስት ሲያድላቸው ከተቀበሉት ውስጥ፣ በተቀበለበት ቀን «ይህ ሰው ስለ ጦር አያውቅም» ብሎ የመለሰ አንድም አላገኘሁም። ሁሉም ጣታቸውን ወደ ላይ ይቀስራሉ፤ ላይ ያለው ደግሞ ሞቷል፣ አይመልስላቸውም።

በጽሑፌ ውስጥ ይህን «ኃላፊነትን ማሸሽ» ብዬ ጠራሁት። አማካሪዬ ወደደችው። ሱቁ ውስጥ ጮክ ብዬ ሳነበው ግን የሰው ትፋት በእጄ እንዳፍስ የታዘዝኩ ይመስለኛል። ታክሲ ውስጥ ሆኜ እንኳ አፌን መጉመጥመጥ ያምረኛል።

ኮሎኔሉ በተቃራኒው ደስ ይላቸዋል። «እውነቱን ነው!» ይላሉ ጉልበታቸውን መታ እያደረጉ። «የእኛም ሰውዬ እንዲሁ ነበር። ቤተ መንግሥት ቁጭ ብሎ ኮረብታውን ያዙ ይለናል፤ ኮረብታው በየት በኩል እንዳለ አያውቅም።»

አንድ ቅዳሜ ስለ አንድ ከበባ ሳነብ አቋረጡኝና የፒልቻርድ ቆርቆሮዎችን፣ ያን የሰፈሩ ሰው ከዳቦ ጋር የሚበላውን የታሸገ ዓሣ፣ አውርደው ባንኮኒው ላይ ደረደሩ። ቆርቆሮው የጀርመን ጦር፣ ሻማው የሩሲያ። ትንሽ እንደቆዩ ጀርመኖቹን ረሷቸው። ቆርቆሮዎቹ የራሳቸው ብርጌድ ሆኑ፣ ስኳሩ ተራራ፣ የስልክ ቻርጀራቸው ገመድ ወደ ኋላ የሚወስድ የመኪና መንገድ።

«ሳውቦና ባባ! ፒልቻርድ፣ ሁለት» አለች አንዲት ደንበኛ በፍርግርጉ በኩል፣ በዙሉ ቋንቋ ሰላምታ ሰጥታ።

ባለቤታቸው እትዬ መጥተው ከግራ ክንፍ ሁለቱን አንስተው ሰጧት።

«ኧረ አንቺ ሴትዮ! አንድ ሙሉ ሻለቃ ጦር እኮ ነው የሸጥሽብኝ!»

«እኔስ ሸጥኩት፤ አንተ በነጻ አይደል ያስረከብከው?»

ሦስታችንም ሳቅን። ድፍረት የሰጠኝ ያ ሳቅ ሳይሆን አይቀርም። ከመደርደሪያው አንድ ክብሪት አነሳሁና ከቆርቆሮዎቹ ኋላ፣ ከገመዱ ዳር አስቀመጥኩ።

«ጋሼ፣ ይቺ ደግሞ ትምህርት ቤቱ ውስጥ የነበረው ሆስፒታል ትሁን» አልኩ። «የእናቴ ወንድም ቆስሎ እዚያ ተኝቶ ነበር። የእርስዎ ወታደር ነው።»

ወደ ክብሪቱ ጎንበስ አሉ። «ሆስፒታሉ በእኔ ሥር አልነበረም፤ የሕክምና ክፍል ነው፣ ራሱን የቻለ።»

ይህንኑ የጄኔራሎቹን መልስ ከሩብ ሰዓት በፊት አንብቤላቸው ነበር።

«ከተማዋን ስትለቁ ቁስለኞቹ አብረው ወጡ?»

«ልጄ፣ ትዕዛዙ ዘገየ። ልቀቁ ቢለን ኖሮ በጊዜ ሁሉንም እናወጣ ነበር። ለማን ትነግሪዋለሽ? ሰውዬው አይሰማ! በእግራችን ነው የወጣነው፣ በሥርዓት። መኪና ከየት ይመጣል?»

እትዬ ዳቦ እየደረደሩ፣ ፊታቸውንም ሳያዞሩ፣ «መኪናስ ነበረ» አሉ። «እኔ ቀድሜ አዲስ አበባ ገብቼ፣ ቡፌያችን በምን መጣልኝ ታዲያ? ሦስት ወታደር ነው ያወረደው፣ አንድ መስታወት ሳይሰበር!»

በክፋት የተናገሩት አይመስለኝም። ቡፌውን ይወዱታል። እህታቸው ቤት እንደቆመ ፎቶውን አሳይተውኛል።

«አንቺ ዝም በይ!» አሉ ኮሎኔሉ። ከዚያ ክብሪቱን በሁለት ጣታቸው አንስተው ወደ መደርደሪያው መለሱት። «መንገዱን ዘጋብኝ። በይ ቀጥይ፣ የት ደርሰን ነበር?»

ጣቶቻቸውን አየሁ። እሑድ እሑድ አገጬን ይዘው የሚባርኩኝ ጣቶች ናቸው። ፊቴን ማሸት፣ መታጠብ አማረኝ። መጽሐፉን ዘጋሁት።

«ጋሼ፣ ለእናቴ የምነግራት ነው። ወጥተዋል ወይስ አልወጡም?»

የቀሩትን ቆርቆሮዎች አንድ በአንድ አስተካከሉ።

«አልወጡም» አሉ በመጨረሻ። «ለቀን ብዙ ሳንርቅ ከተማዋ በመድፍ ጋየች፤ ትምህርት ቤቱም አብሮ። ግን ይህንንም ጻፊ፤ ትዕዛዙ የእኔ አልነበረም።»

እሑድ ከሰዓት በኋላ ለእናቴ ደወልኩ።

«እማ፣ ጠየቅኳቸው። ቁስለኞቹን አላወጧቸውም። ትምህርት ቤቱ በመድፍ ተቃጥሏል።»

«መኪና ጠፍቶ ነው?» አለች።

ቃል መምረጥ ልማዴ ነው። ሰው እንዳይከፋው ስንቱን አለስልሼ ተናግሬያለሁ፤ ለኮሎኔሉ ሳነብ እንኳ ጄኔራሎቹን በአንቱታ አክብሬ ነበር። ያን ቀን ማለስለስ ቀፈፈኝ።

«መኪናው የቤት ዕቃ ጭኖ ነበር። ቡፌ።»

«ቡፌ» አለች እናቴ። ከዚያ ጉሮሮዋን ጠረግ አድርጋ፣ «ቅዳሜ እቀመጥለታለሁ። ለአክስቶችሽ አንቺ ንገሪልኝ» አለች።

ቅዳሜ ሁልጊዜ ቴምቢሳ በምደርስበት ሰዓት ክፍሌ ውስጥ ተቀምጬ የሆሳዕናውን ለቅሶ በስልኬ እከታተል ነበር። ጎረቤት ድንኳኑን አሳየኝ፣ እናቴን አሳየኝ፣ ከዚያ ስልኩን ጠረጴዛው ላይ ወዳለው ፎቶግራፍ አስጠጋው። አጎቴ አሥራ ስምንት ዓመቱ ነው፤ ኮፍያው ሰፍቶታል። ጆሮው ልክ የእናቴ ነው። ገና በደንብ ሳላየው ኮሎኔሉ ደወሉና ስማቸው የስልኬ መስታወት ላይ ግንባሩን ሸፈነው። አላነሳሁም። ጥሪው አልቆ ፊቱ እስኪገለጥ ጠበቅሁ።