የግራ ትከሻው

አብረን ያደረግነው የመጨረሻው ነገር ሸሚዝ ማልበስ ነበር። ጠዋት ነው፤ ሎጊያ ባለው ቤታችን ባለቤቴ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጧል። የታመመው እጅ ይቀድማል። የግራውን እጅጌ እስከ ትከሻው ሳብኩለት፤ ቀኙን ራሱ አስገባ። ቁልፎቹን ስቆልፍለት፣ «ቲቸር፣ ዛሬ አዋሽ ነው የማድረው፤ ይሄን ማን ሊያወልቅልኝ ነው?» አለኝ።

ለብሰኸው እደር አልኩት። ሳቀ።

ከተጎዳ ሦስተኛ ወሩን ይዟል። የጭነቱን ሸራ ሲያስር ገመዱ ተበጠሰና ከመኪናው ላይ ወደቀ፤ ትከሻው ወለቀ። ጓደኞቹ ሾፌሮች ጋራዡ አጠገብ ወዳለ ወጌሻ ወሰዱት፣ እኔንም ጠሩኝ። የሰመራው ሆስፒታል ቅርብ ነበር። ግን ሐኪም ካየው እጁን ያስሩትና መኪናው ለሌላ ሾፌር ይሰጣል ብሎ ፈራ። ሽማግሌው ወጌሻ፣ «ያዢው ልጄ፣ እንዳይነቃነቅ» አለኝ። ከጀርባው አቅፌ ያዝኩት። ወጌሻው ተረከዙን የባለቤቴ ብብት ውስጥ አድርጎ እጁን ሳበ። ቀጭ ብሎ ገባ። እጁን ስሜ አመሰገንኩት፣ የወጌሻውን እጅ።

ከሳምንታት በኋላ ገላውን ሳጥበው የትከሻው ክብነት ጠፍቶ አየሁ። አጥንቱ ቆዳው ሥር ሾሎ ወጥቷል።

ሰመራ ባዮሎጂ አስተምራለሁ። ትከሻን እንደ ቆብ የሚሸፍነውን ጡንቻ፣ ዴልቶይድን፣ ስንት ጊዜ ሰሌዳ ላይ ስያለሁ። ከአንገት ሥር ካለው አጥንትና ከትከሻ ጀርባ ካለው ጠፍጣፋ አጥንት ይነሳል፤ ወርዶ ክንድ መሐል ላይ ይጣበቃል። የፊቱ ክፍል እጅን ወደፊት፣ የኋላው ወደ ኋላ፣ የመሐሉ ወደ ጎን ያነሳል። የሚያዘው ነርቭ ከብብት ተነስቶ የክንዱን አጥንት ከኋላ ይዞራል፤ ትከሻ ሲወልቅ ይለጠጣል፣ ያለ አግባብ ሲሳብም እንዲሁ። ትከሻው ላይ ጣቴን ባሳርፍ አይሰማኝም አለ። ነርቩን የጎዳው አወዳደቁ ይሁን እኔ ይዤው መሳቡ፣ በኋላ ሆስፒታል ወስጄው ያየው ሐኪምም መለየት አልቻለም። በወራት ሊመለስ ይችላል፣ ላይመለስም ይችላል፤ እስከዚያ አትንዳ አለው።

ነዳ። ግራ እጁን በቀኙ አንስቶ መሪው ላይ ያስቀምጠዋል። ጣቶቹ ደህና ናቸው፣ አንዴ ከተቀመጠ ይይዛል ይለኝ ነበር። አንድ ቀን የመኪናውን ቁልፍ ደበቅኩበት። አልተቆጣም። ደጃፍ ላይ ተቀምጦ ወደ ድንበሩ፣ ወደ ገላፊ የሚያልፉትን መኪኖች ሲያይ ዋለ፤ ምሳም አልበላም። ቁልፉን ራሴ አውጥቼ ሰጠሁት።

ሸሚዙን ባለበስኩት በዚያ ቀን፣ አዳይቱን አልፎ አዋሽ ሳይደርስ የፊት ጎማው ፈነዳና መኪናው ተገለበጠ፤ አልተረፈም። ትራፊክ ፖሊሱ፣ «እትዬ፣ እንዲህ ሲሆን በሁለት ጤነኛ እጅም መሪ አይያዝም» አለኝ። ሊያጽናናኝ ይሁን እውነቱ ይሁን አላውቅም። የምጠይቀውም ሰው የለኝም።

ሸሚዙን ሆስፒታል ውስጥ በመቀስ ቀደው ነው ያወለቁለት። በፌስታል አድርገው ሰጡኝ፤ የግራው እጅጌ ግን ሳይቀደድ ቀርቷል።

አሁንም ሰመራ አስተምራለሁ። ጠዋት ስለብስ ግራ እጄን አስቀድማለሁ።