ዘጠኝ ቋጠሮ

ቡታጅራ ገበያ እርጥብ ቃጫ በሸተተኝ ቁጥር የአባቴ ገመድ ትዝ ይለኛል። በጣሊያን ጊዜ ከቤታችን ምሰሶ ላይ ተሰቅሎ ነበር።

«ከጨረቃ ማዶ ያለ አገር የቀን መቁጠሪያ ነው» ይለኝ ነበር አባቴ። «እዚያ ፀሐይ ሁለት ናት፣ ወሩም ዘጠኝ ቀን ነው።» በየቀኑ አንድ ቋጠሮ ይቋጥራል፤ ዘጠኝ ሲሞላ በዓላቸው ነው።

ነገሩ አልጣመኝም። በበዓሉ ማግስት እናቴ ከጉድጓድ ያወጣችው ቆጮ ሲነጋ የለም። አንዳንዴ ደግሞ አባቴ የቋጠረውን መልሶ ይፈታል። በዓል ወደ ኋላ ይሄዳል እንዴ?

አንድ ቀን አባቴ በሌለበት የጣሊያኖቹ አስተርጓሚ መጣ። ገመዱን እየዳበሰ ምን እንደሆነ ጠየቀኝ፤ የጨረቃን አገር ነገርኩት። ከረሜላ ሰጠኝና፣ «በዓላቸው መቼ ነው ታዲያ፣ የኔ ልጅ?» አለ።

ገመዱ ላይ ሰባት ቋጠሮ ነበር፤ በዓሉ ሁለት ቀን ቀርቶታል።

«ቋጠሮው የቀረው ቀን ነው» አልኩት። «ሰባት ቀን አላቸው።»

ለምን እንደዋሸሁ እስካሁን አላውቅም።

አባቴ ሲመለስ ከረሜላውን አየ።

«ምን አልሽው?»

«ዋሸሁት።»

ትክ ብሎ አየኝና ገመዱን እሳት ውስጥ ከተተው።

በሰባተኛው ቀን ወታደሮች ቤታችንን ከበቡ። በዘጠነኛው ሌሊት ቆጮውን የሚወስዱት አርበኞች ግን ስንቃቸውን ይዘው ከሄዱ አምስት ቀን ሆኗቸው ነበር።

አባቴ አዲስ ገመድ ገመደ። የት እንደሰቀለው እስኪሞት አልነገረኝም።

ዛሬም ቃጫ ስገዛ፣ ሻጯ ሳታየኝ የታሰረበትን ቋጠሮ እቆጥራለሁ።