ጫማ የማያወልቁት ዘበኛ

ባለፈው ቅዳሜ የልጅ ልጄን ይዤ ከራስ መኮንን ድልድይ በታች ወደ ተከፈተው የልጆች መጫወቻ ሄድኩ። በሩ ላይ የቆመችው ወጣት «ማዘር፣ ጫማ እዚህ ነው የሚወልቀው» ብላ የጠቆመችኝን ሳይ ወዲያው አወቅኩት። ሮዝ ቀለም ተቀባ እንጂ ያው ነው፤ ትንንሽ ክፍል ክፍል ያለው ረጅም የእንጨት መደርደሪያ። ቤቱ ፈንዲሻና የልጆች ካልሲ ይሸታል፤ እኔን ግን የሸተተኝ እርጥብ ሊጥ ነበር።

በልጅነቴ ይህ ቤት የፓስታ ፋብሪካ ነበር። እናቴ ማድረቂያ ክፍል ትሠራ ስለነበር ማታ ስትመጣ ቅንድቧ ሳይቀር ዱቄት ነው፤ አባቴም «ጠዋት ወጣት ሸኝቼ ማታ አሮጊት ትመጣብኛለች» እያለ ይቀልድባት ነበር።

ሠራተኛው ሲገባ የራሱን ጫማ መደርደሪያው ላይ አስቀምጦ የፋብሪካውን ቦት ጫማ ያጠልቃል። ስለዚህ ማን ውስጥ እንዳለ ለማወቅ ካቦው፣ ያ ቁጡ የሠራተኞች አለቃ፣ ስም አይጠራም፤ ጫማ ያያል። ሴቶቹ ደግሞ ይህንኑ አወቁበት። አመሻሽ ላይ አትክልት ተራ ቲማቲም ሲረክስ፣ ተራ የደረሳት ጫማዋን እንዳለ ትታ በወንዙ በኩል ባለው የጓሮ በር ሾልካ ለሁሉም ገዝታ ትመለሳለች። ካቦው ጫማዋን አይቶ «አለች» ይላል። ዘበኛው ጋሽ ወልዴ ይህን አያውቁም ነበር። ከትምህርት ቤት ስንመለስ የተሰባበረ ፓስታ በእፍኛችን ያድሉን ነበር፣ እንደ ቆሎ እንቆረጥመዋለን፤ ደግ ሰው ነበሩ፤ ግን መዋሸት ስለማይሆንላቸው ሴቶቹ ይህን ደበቋቸው።

አንድ ቀን የፋብሪካው ሳይረን ያለ ሰዓቱ ጮኸ። ሰፈሩ ምሳውን የሚያቀርበው በዚያ ሳይረን ነበርና ማንም ሳይነግረን ክፉ ነገር እንደመጣ ገባን። ሮጬ ስደርስ ከማድረቂያው ጣሪያ ጥቁር ጭስ ይትጎለጎላል። የወጡት ሴቶች እያሳሉ ጫማ ጫማቸውን አነሱ፣ መደርደሪያው ላይ የእናቴ ቡናማ ጫማ ብቻ ቀረ።

ሴቶቹ ተያዩ። እናቴ ወደ አትክልት ተራ እንደወጣች ያውቃሉ፤ ተመልሳ ትሁን አትሁን ግን ማንም አላየም። ካቦው አጠገባቸው ቆሟልና አንዷም አፏን አልከፈተችም። ካቦው እሳት አደጋ ሊያስጠራ ወደ መንገዱ ሲሮጥ፣ ጋሽ ወልዴ ጫማውን አዩ፣ እኔን አዩ። «አይዞሽ ልጄ፣ አወጣልሻለሁ» አሉና ካፖርታቸውን ራሳቸው ላይ ጣል አድርገው ገቡ። ያኔ ከሴቶቹ አንዷ ጮኸች፤ እሳቸው ግን ጭሱ ውስጥ ጠፍተው ነበር።

ብዙም ሳይቆይ እናቴ ዘንቢሏን አንጠልጥላ ከድልድዩ በኩል እየሮጠች መጣች። ቀሚሷ ላይ ተጠመጠምኩ፤ እንደዚያን ጊዜ ደስ ብሎኝ አያውቅም። እሷ ግን ካቦው እንዳያይባት መጀመሪያ ያነሳችው ጫማዋን ነው። የእሳት አደጋ ሠራተኞች ደርሰው ውስጥ የቀረ ሰው እንዳለ ሲጠይቁ፣ ካቦው በዚያ ግርግር መሃል ከልማዱ መደርደሪያውን አየ። ባዶ ነው።

«የለም» አለ።

ዘበኛ በር ላይ ስለሚውል ጫማ አያወልቅም። «ጋሽ ወልዴስ?» ያልኩት እኔ ነበርኩ። ሰዎቹ ቧንቧቸውን ጥለው ወደ በሩ ሲሮጡ ጣሪያው ተደረመሰ።

እናቴ ያን ጫማ ዳግመኛ አላደረገችውም፤ አልጣለችውምም። እስክትሞት አልጋዋ ሥር ነበር። ቤቱ ጣሪያው ተጠግኖ መጋዘን ሆነ፣ የቀበሌ አዳራሽ ሆነ፣ ጋራዥ ሆነ፣ ዛሬ ደግሞ ልጆች ይዘሉበታል። መዝለላቸው ደስ ይለኛል፤ ግን የዚያ ሰፈር ሰው ከፊሉ ሞተ፣ ከፊሉ ተነስቶ ከተማው ዳር ሄደ፣ እዚህ አንድ ሰው እሳት ውስጥ ገብቶ እንደቀረ የሚያውቅ ከእኔ ሌላ አጣሁ። ይህ ያናድደኛል፣ ያስፈራኛልም።

የልጅ ልጄ ጫማዋን መደርደሪያው ላይ ወርውራ ሮጠች። ወጣቷም «ማዘር፣ እርስዎም አውልቀው ይግቡ እንጂ፣ ውስጥ መቀመጫ አለ» አለችኝ።

«እኔ እዚሁ ይሻለኛል» አልኳት።

ጋሽ ወልዴ ይቆሙበት የነበረው ቦታ ላይ ጫማዬን ሳላወልቅ ቆምኩ። የልጅ ልጄ ተመልሳ ጫማዋን እስክታነሳ ድረስም ዓይኔን ከመደርደሪያው አልነቀልኩም።